ስለ ፕሮፌሰር ሶስና ኃይሌ ሕይወትና ስለ ነዳጅ ሴል ምርምር

(በሬዲዮ ከተነገረው የተወሰደ)



ከወገኖቻችን አንዱ በውጭ አገር ታላቅ የትምህርት ማዕርግ ደረሰ ሲባል በሰማን ጊዜ ደስ ይለናል፤ ስሙንም በየቢሮአችን እናነሣለን። ነገር ግን ያ ሰው የሠራው ሥራ ምንድን ነው ብሎ የሚጠይቅ ጥቂት ነው። ማዕርጉን አመስግነን ሥራውን ሳናውቅ መቅረታችን፣ የገበሬውን ጐተራ አድንቆ ስለ እርሻው ሳይጠይቁ እንደ መሄድ ያለ ነው። ስለዚህ በዛሬው ንግግራችን የአንዲት ኢትዮጵያዊት ሊቅ የሕይወት ታሪክ ብቻ ሳይሆን፣ የደከሙበትን ጥበብ ጭምር በተቻለ መጠን ቀለል አድርገን ለማስረዳት እንሞክራለን። እኒህም ሊቅ በቁስ አካላት ጥናትና በፊዚካል ኬሚስትሪ ድንበር ላይ የሚሠሩት ፕሮፌሰር ሶስና ኃይሌ ናቸው።

በመጀመሪያ ስለ ስማቸው አንድ ነገር እንናገር። ኃይሌ የአባታቸው ስም ሳይሆን የአያታቸው ስም ነው። በእኛ ልማድ ቢጠሩ ሶስና ጌታቸው ይባሉ ነበር። አባታቸው የግዕዝ ቋንቋና የኢትዮጵያ ሥነ ጽሑፍ ሊቅ የነበሩት ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ ናቸው። በአሜሪካ አገር የቤተሰብ ስም ከአባት ወደ ልጅ የሚተላለፍ ስለ ሆነ፣ በዚያ ሥርዓት የአያት ስም የሁሉ መጠሪያ ሆኖ ቀረ። የሳይንስ መጽሔቶችም ሁሉ የሚያውቋቸው በዚሁ ስም ነው።

ትውልድና ስደት

ፕሮፌሰር ሶስና የተወለዱት ሐምሌ 21 ቀን 1958 ዓ.ም.፣ በአውሮፓውያን አቈጣጠር በ1966፣ በአዲስ አበባ ከተማ ነው። አባታቸው በጀርመን አገር በቱቢንገን ዩኒቨርሲቲ የዶክተርነት ማዕርግ አግኝተው ከተመለሱ በኋላ፣ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ያስተምሩ ነበር። የልጅነት ዘመናቸውም መጽሐፍ በማይታጣበት ቤት አለፈ።

በ1966 ዓ.ም. አብዮት ፈነዳ። በ1968 ዓ.ም. መጀመሪያ ላይ ወታደሮች ፕሮፌሰር ጌታቸውን ሊይዙ ወደ ቤታቸው መጡ፤ በዚያም ጊዜ በጥይት ቈሰሉ። ሕይወታቸው በጥቂት ተረፈች፤ እግራቸው ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ አልታዘዛቸውም፤ እስከ ዕለተ ሞታቸውም ድረስ በተሽከርካሪ ወንበር ኖሩ። ሶስና በዚያ ወራት ገና ዘጠኝ ዓመት ከጥቂት ወር የሆናቸው ልጅ ነበሩ።

አባትየው በውጭ አገር ሕክምና ከተደረገላቸው በኋላ፣ ቤተሰቡ በአሜሪካ በሚኔሶታ ክፍለ አገር ኮሌጅቪል በምትባል የገጠር ቀበሌ ሰፈረ። በዚያ ሥፍራ የቅዱስ ዮሐንስ ዩኒቨርሲቲና የጥንት የብራና መጻሕፍት ፎቶግራፍ የሚከማችበት ቤተ መጻሕፍት አለ። ከኢትዮጵያ ገዳማትና አድባራት በማይክሮፊልም ተነሥተው የተላኩትን ብዙ ሺህ መጻሕፍት እየመረመሩ ዝርዝራቸውን ያዘጋጁት ፕሮፌሰር ጌታቸው ናቸው። በ1988 እ.ኤ.አ. የማክአርተር ድርጅት የሚሰጠውን ከፍተኛ ሽልማት ተቀበሉ፤ በሰኔ ወር 2013 ዓ.ም. ዐረፉ። ይህን ማውሳታችን ያለ ምክንያት አይደለም። ልጅቱ ያደገችው ከአልጋና ከወንበር ላይ ሆኖ በየቀኑ ሥራውን የማያስታጕል አባት እያየች ነውና፣ ከዚህ የሚበልጥ ትምህርት ቤት ሊገኝላት አይችልም ነበር።

ትምህርትና ማዕርግ

ሶስና የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን እዚያው ኮሌጅቪል በሚገኘው የቅዱስ ዮሐንስ መሰናዶ ትምህርት ቤት በ1983 እ.ኤ.አ. ፈጸሙ። ከዚያም በቦስተን አጠገብ ወዳለው ወደ ማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም ገብተው በሦስት ዓመት ውስጥ፣ በ1986፣ የመጀመሪያ ዲግሪያቸውን ያዙ። ሁለተኛውን ዲግሪ በ1988 በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ በበርክሌይ፣ የዶክተርነቱን ማዕርግ ደግሞ በ1992 ተመልሰው በማሳቹሴትስ ተቋም ተቀበሉ። በመካከሉም በጀርመን አገር በሽቱትጋርት ከተማ በማክስ ፕላንክ ተቋም ተቀምጠው ምርምር አድርገዋል። አባት የጥንት ቋንቋዎችን ሊያጠኑ በሄዱበት አገር፣ ልጅም የጠጣር አካላትን ጠባይ ሊያጠኑ ሄዱ ማለት ነው።

ከ1993 እስከ 1996 በዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ፣ ከ1996 እስከ 2015 ደግሞ በካሊፎርኒያ የቴክኖሎጂ ተቋም አስተምረዋል፤ ከ2015 ጀምሮ በቺካጎ አቅራቢያ በሚገኘው በኖርዝዌስተርን ዩኒቨርሲቲ የቁስ አካላት ሳይንስና ምህንድስና ፕሮፌሰር ሆነዋል። ኒውስዊክ የተባለውም መጽሔት በ2008 በትኵረት ሊታዩ ይገባል ካላቸው 12 ሰዎች መካከል አንዷ አድርጎ ቈጥሯቸዋል። የማዕርጉን ነገር በዚህ እንተወውና ወደ ሥራው እንለፍ።

የነዳጅ ሴል ምንድን ነው?

ነገሩን ከቅርባችን እንጀምረው። በልደታ፣ በጌጃ ሰፈር፣ መብራት በጠፋ ማታ በየሱቁ ደጃፍ የሚያጓራውን ጄኔሬተር ያላየ የከተማችን ሰው የለም። ያ መኪና ምን ይሠራል? በመጀመሪያ ቤንዚኑን ያቃጥላል፤ ከቃጠሎው ሙቀት ይወጣል፤ ሙቀቱ ጋዙን እየለጠጠ ፒስተኑን ይገፋል፤ ፒስተኑ ዘንጉን ያዞራል፤ የዘንጉ መዞር በመጨረሻ የኤሌክትሪክ ኃይል ያመነጫል። ኃይሉ ከእጅ ወደ እጅ ባለፈ ቍጥር ይጐድላል። አንድ ገንዘብ ከባለቤቱ ወጥቶ በአራት ደላላ እጅ ካለፈ በኋላ ለተቀባዩ ምን ያህል እንደሚደርሰው ማሰብ ነው። ከቤንዚኑ ኃይል የሚበዛው በሙቀት፣ በጢስና በጩኸት ይባክናል፤ አምፑሉን የሚያበራው ጥቂቱ ነው።

የነዳጅ ሴል የሚባለው መሣሪያ እነዚህን ደላሎች ያስቀራል። ነዳጁን ሳያቃጥል፣ በነዳጁ ውስጥ ያለውን ኬሚካላዊ ኃይል በቀጥታ ወደ ኤሌክትሪክ ይለውጣል። በዚህ ረገድ ከባትሪ ድንጋይ ጋር ይመሳሰላል። ልዩነቱ የባትሪ ድንጋይ በውስጡ የያዘውን ጨርሶ ይሞታል፤ የነዳጅ ሴል ግን ከውጭ ነዳጅና አየር እስከ ተሰጠው ድረስ ሥራውን አያቋርጥም። ነዳጁ ሃይድሮጂን ከሆነ በጢስ ፈንታ የሚወጣው ንጹሕ ውሃ ብቻ ነው።

አሠራሩም እንዲህ ነው። መሣሪያው ሦስት ንብርብር አለው፤ በግራና በቀኝ ሁለት ኤሌክትሮዶች፣ በመካከል ደግሞ ኤሌክትሮላይት የሚባል ግድግዳ። ሃይድሮጂን በአንደኛው ወገን ሲገባ እያንዳንዱ አቶም ለሁለት ይከፈላል፤ አንዱ ክፍል ፕሮቶን፣ ሁለተኛው ኤሌክትሮን ነው። የመካከሉ ግድግዳ እንደ ብልህ ዘበኛ ነው፤ ፕሮቶኑን ያሳልፈዋል፣ ኤሌክትሮኑን ግን አያሳልፍም። ኤሌክትሮኑ በግድ በውጭ በተዘረጋው ሽቦ ዞሮ ወደ ማዶ መድረስ አለበት፤ በሽቦው ላይ ሲያልፍም አምፑል ያበራል፣ ሞተር ያዞራል። በማዶ ሁለቱ እንደ ገና ሲገናኙ ከአየር ከመጣው ኦክሲጅን ጋር ተዋሕደው ውሃ ይሆናሉ። እንግዲህ የመሣሪያው ምስጢር ሁሉ በመካከለኛው ግድግዳ ጠባይ ላይ ያረፈ መሆኑን ልብ ይሏል።

ሐሳቡ አዲስ አይደለም። በ1839 እ.ኤ.አ. የመጀመሪያውን እንዲህ ያለ መሣሪያ ከሠሩት አንዱ ዊልያም ግሮቭ የተባሉ የዌልስ ተወላጅ ናቸው፤ እኒህም ሰው በሙያቸው የሕግ ጠበቃ፣ በኋላም ዳኛ ነበሩ። በ1894 ከፊዚካል ኬሚስትሪ መሥራቾች አንዱ የሆኑት ጀርመናዊው ቪልሄልም ኦስትቫልድ፣ የወደፊቱ ዘመን ኃይል ከእንፋሎት ሞተር ሳይሆን ከእንዲህ ያለ ቃጠሎ አልባ መሣሪያ መገኘት አለበት ሲሉ ተከራከሩ። በ1965 ጄሚኒ 5 የተባለችው የጠፈር መንኰራኵር በነዳጅ ሴል ኃይል በረረች፤ በኋላም ወደ ጨረቃ የሄዱት የአፖሎ ተጓዦች ከዚሁ መሣሪያ የወጣውን ውሃ ይጠጡ ነበር። ታዲያ ይህን ያህል ዘመን ካስቈጠረ በየቤታችንና በየመኪናችን ስለ ምን አልገባም?

በሁለት ጽንፍ መካከል

መልሱ ያው በግድግዳው ነው። በዘመናችን በብዛት የተሠራባቸው ሁለት ዓይነት ግድግዳዎች ናቸው። አንደኛው እንደ ላስቲክ ያለ ፖሊመር ነው። ይህ ፕሮቶን የሚያሳልፈው በውሃ ሲርስ ብቻ ስለ ሆነ፣ ሙቀቱ 100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ሲደርስ ይደርቅና ሥራውን ያቆማል። ቅዝቃዜ ላይ መሥራቱ ደግሞ ሌላ ዕዳ ያመጣል። በዝቅተኛ ሙቀት ነገሩን የሚያፋጥን ፕላቲኒየም የሚባል ከፍተኛ ዋጋ ያለው ማዕድን ያስፈልገዋል፤ ያም ፕላቲኒየም በሃይድሮጂኑ ውስጥ ጥቂት ካርቦን ሞኖክሳይድ ከተገኘ ይመረዛል። ካርቦን ሞኖክሳይድ ማለት ከሰል በተዘጋ ክፍል ሲነድ ሰው የሚገድለው ጋዝ ነው።

ሁለተኛው ዓይነት ጠንካራ የሸክላ ዘር ነው። ይህኛው ፕላቲኒየም አይሻም፤ ብዙ ዓይነትም ነዳጅ ይቀበላል። ነገር ግን በልማድ የሚሠራው ከ700 እስከ 1,000 ዲግሪ በሚደርስ ሙቀት ነው። በዚህ ሙቀት ውስጥ ብረቱ ይዝጋል፣ መጋጠሚያው ይሰነጠቃል፣ ለማሞቅም ረዥም ጊዜ ይፈጃል። አንደኛው ሲበዛ የቀዘቀዘ፣ ሁለተኛው ሲበዛ የጋለ ሆነ። በመካከሉ ያለው የሙቀት ቀበሌ፣ ማለት ከ150 እስከ 600 ዲግሪ ያለው፣ ለሥራ የተመቸ ሆኖ ሳለ ነዋሪው ጥቂት የሆነ መሬት ነበር። ፕሮፌሰር ሶስና ድካማቸውን የጣሉት በዚህ መሬት ላይ ነው።

ጠጣር አሲድና ፕሮቶኑ የሚሄድበት መንገድ

አሲድ ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው በመኪና ባትሪ ውስጥ ያለውን የሚያቃጥል ፈሳሽ ነው። ጠጣር አሲድ የሚባሉት ግን እኩሌታቸው እንደ አሲድ፣ እኩሌታቸው እንደ ጨው የሆኑ፣ መልካቸውም እንደ ነጭ ጨው ያለ ጠንካራ ነገሮች ናቸው። ከእነዚህ አንዱ ሲዚየም የተባለ ማዕድን፣ ድኝ፣ ኦክሲጅንና ሃይድሮጂን የተዋሐዱበት ሲዚየም ሃይድሮጂን ሰልፌት ነው። በ1982 ባራኖቭና ባልደረቦቻቸው የተባሉ የሞስኮ ሊቃውንት አንድ የሚያስደንቅ ነገር አስተዋሉ። ይህ ጨው 141 ዲግሪ ያህል ሲሞቅ፣ ሳይቀልጥ፣ ጠጣርነቱን ሳይለቅ፣ ፕሮቶን የማሳለፍ ችሎታው በድንገት ሺህ እጥፍና ከዚያም በላይ ያድጋል።

ምክንያቱን በመሥሪያ ቤት ምሳሌ እናስረዳ። በአንድ ሰፊ አዳራሽ ውስጥ ብዙ ጸሐፊዎች ተቀምጠዋል እንበል፤ የእያንዳንዱም ወንበር ከወለሉ ጋር የተቸነከረ፣ ፊቱም ወደ አንድ አቅጣጫ ብቻ የዞረ ነው። አንድ ፋይል ከዚህ ጫፍ ወደዚያ ጫፍ እንዲደርስ ቢታዘዝ፣ ከኋላው ያለውን ሰው ማየትም ሆነ መንካት የሚችል ስለሌለ ፋይሉ ባለበት ይቈያል። አሁን ግን ወንበሮቹ ከቦታቸው ሳይነሡ እንደ ልብ መዞር ቢችሉ፣ እያንዳንዱ ጸሐፊ ፋይሉን ከአንዱ ተቀብሎ፣ ዞሮ ለሌላው ያቀብላል፤ ፋይሉም በፍጥነት ዳር ይደርሳል። በጠጣሩ አሲድ ውስጥ ጸሐፊዎቹ የድኝና የኦክሲጅን ጥምሮች፣ ፋይሉም ፕሮቶኑ ነው። ከ141 ዲግሪ በታች ጥምሮቹ የተቸነከሩ ናቸው፤ ከዚያ በላይ ግን በአንድ ሴኮንድ ውስጥ ከቢሊዮን የሚበልጥ ጊዜ ይሽከረከራሉ። ወንበሮቹ ስፍራቸውን ባለመልቀቃቸው ነገሩ ጠጣር ሆኖ ይቈያል፤ በመዞራቸውም ፕሮቶኑ ይጓዛል። ለዚህም ውሃ አያስፈልገውም።

ሆኖም ይህን ነገር ለነዳጅ ሴል ያሰበው ጥቂት ነበር። ጠጣር አሲድ በውሃ ይሟሟል፤ የነዳጅ ሴል ደግሞ የሚያወጣው ውሃ ነው። ከጨው የተሠራ ግድግዳ ከጣራ ፍሳሽ በታች እንደ ማቆም ይመስላል። ፕሮፌሰር ሶስናና ተማሪዎቻቸው ግን አንድ ቀላል ነገር አሰቡ። መሣሪያው የሚሠራው ከ100 ዲግሪ በላይ ከሆነ ውሃው እንፋሎት ነው፤ እንፋሎት ደግሞ ጨውን እንደ ፈሳሽ ውሃ አያሟሟም። ስለዚህ መሣሪያው በሞቀ ጊዜ ግድግዳው አይነካም፤ ጥንቃቄ የሚሻው ሲከፈትና ሲዘጋ ብቻ ነው። በዚህ ሐሳብ የተሠራው ሴል ከ150 እስከ 160 ዲግሪ በሚሆን ሙቀት ላይ ሥራውን ሠራ፤ ውጤቱም በ2001 እ.ኤ.አ. ኔቸር በተባለው በታወቀው መጽሔት ታተመ።

ጕድለትን አለመደበቅ

አድማጮቻችን ሆይ፤ ከዚህ ቀጥሎ የምንናገረው ከሁሉ ይልቅ ልናስተውለው የሚገባን ነው። የ2001ዱ ግኝት ስማቸውን ከፍ አድርጎታል። ነገር ግን ሴሉ እየሠራ በቈየ ቍጥር ኃይሉ መድከሙ ታየ። ምክንያቱን ሲመረምሩ፣ ሃይድሮጂኑ በፕላቲኒየሙ ረዳትነት ራሱን ግድግዳውን እንደሚበላው አገኙ። በግድግዳው ውስጥ ያለው ድኝ ከሃይድሮጂን ጋር ተዋሕዶ እንደ ገማ እንቍላል የሚሸት ጋዝ ይሆናል፤ ያም ጋዝ ፕላቲኒየሙን ይመርዘዋል። ይህን ጕድለት በ2003 በዝርዝር ጽፎ ያሳተመው ተቃዋሚ አልነበረም፤ የራሳቸው የፕሮፌሰር ሶስና ቤተ ሙከራ ነበር።

በአንድ ሪፖርት የተመሰገነ ሰው፣ በሁለተኛው ሪፖርት የፊተኛው ሥራዬ ለዘለቄታ አይሆንም ብሎ መጻፍ ምን ያህል እንደሚከብድ በመሥሪያ ቤት የኖረ ሁሉ ያውቀዋል። ሳይንስ የሚያድገው ግን በዚህ ብቻ ነው። ጕድለቱ ከታወቀ ዘንድ የሚቀጥለው ጥያቄ ግልጥ ሆነ፤ ድኝ የሌለበት ጠጣር አሲድ መፈለግ አለበት።

ለዚህም ሲዚየም ዳይሃይድሮጂን ፎስፌት የተባለውን መረጡ፤ በድኝ ፈንታ ፎስፈረስ ያለበት ነው። ፎስፈረሱን ሃይድሮጂን አይበላውም። ነገር ግን ሌላ መሰናክል ነበረ። ይህ ጨው ፕሮቶን በደንብ ማሳለፍ የሚጀምረው 230 ዲግሪ ገደማ ሲደርስ ነው፤ በዚያው ሙቀት አካባቢ ደግሞ ከውስጡ ውሃ እየወጣ ይፈርሳል። ስለዚህ ይህ ጨው በእውነት ፕሮቶን ያሳልፋል ወይስ መፍረሱ ነው እንዲያ የሚያስመስለው የሚል ክርክር በሊቃውንት መካከል ቈይቶ ነበር።

መፍትሔው ለእንጀራ ጋጋሪ እንግዳ አይደለም። ምጣዱ በአክንባሎ የሚከደነው እንፋሎቱ እንዳያመልጥና እንጀራው እንዳይደርቅ ነው። እንዲሁም ከአንድ ነገር ውስጥ ውሃ በእንፋሎት መልክ የሚወጣ ከሆነ፣ በዙሪያው በቂ እንፋሎት ሲኖር መውጣቱ ይገታል፤ የሚወጣውና የሚገባው ይተካከላልና። የፊዚካል ኬሚስትሪ ሊቃውንት ይህን ሚዛን ይሉታል። ተመራማሪዎቹ ወደ ሴሉ በሚገባው ጋዝ ውስጥ በልክ የተመጠነ እንፋሎት ጨመሩ፤ ጨውም ሳይፈርስ ቆመ፤ ክርክሩም ተቋጨ። በ2004 በሳይንስ መጽሔት እንደ ታተመው፣ ሴሉ በ250 ዲግሪ አካባቢ በሃይድሮጂንም ሆነ ሜታኖል በሚባለው የአልኮል ዓይነት ተረጋግቶ ሠራ። በዚህ ሙቀት ላይ ካርቦን ሞኖክሳይድ እንደ ፊተኛው አይጐዳውም፤ ስለዚህም ነዳጁ የግድ እጅግ የተጣራ መሆን የለበትም።

ከዚያ ወዲህ ተማሪዎቻቸው የነበሩ ሰዎች በዚሁ ጥበብ የሚሠራ ኩባንያ አቋቁመው መሣሪያውን ወደ ገበያ ለማድረስ ደክመዋል። የራሳቸውም ቤተ ሙከራ በ2018 ፕሮቶን የሚያሳልፍ የሸክላ ዘር የሆነ ሌላ ሴል በመካከለኛ ሙቀት ከፍ ያለ ኃይል እንደሚሰጥ አሳየ፤ በ2020 ደግሞ ጠጣሩን አሲድ ተጠቅሞ ከአሞኒያ ንጹሕ ሃይድሮጂን ማውጣት እንደሚቻል አሳተመ። አሞኒያ በቀላሉ ፈሳሽ ሆኖ በታንክ የሚጫን ስለ ሆነ፣ ሃይድሮጂንን ከአገር ወደ አገር ማጓጓዝ አስቸጋሪ ለሆነበት ዓለም ይህ ትልቅ ነገር ነው።

ከፀሐይ ነዳጅ ስለ ማውጣት

ሃይድሮጂን በምድር ላይ ብቻውን በብዛት ተከማችቶ የሚታፈስ ነዳጅ አይደለም፤ ከውሃ ወይም ከሌላ ነገር ተለይቶ መውጣት አለበት። በዛሬው ዓለም የሚበዛው የሚወጣው ከተፈጥሮ ጋዝና ከድንጋይ ከሰል ስለ ሆነ፣ ጢሱ ከቤታችን ቢርቅም ከዓለም አልራቀም። ፕሮፌሰር ሶስና ይህንንም ነገር አልዘነጉትም። በ2010 እ.ኤ.አ. ከስዊዘርላንድ ሊቃውንት ጋር ሆነው፣ ነዳጅን ከፀሐይ ሙቀት፣ ከውሃና ከካርቦን ዳይኦክሳይድ የሚሠራ መሣሪያ አሳዩ።

የዚህም መሠረት ሴሪየም ኦክሳይድ የተባለ ነገር ነው። ሴሪየም ስሙ ከብርቅዬ ማዕድናት ጋር ቢቈጠርም በመሬት ቅርፊት ውስጥ ከመዳብ ጋር የሚተካከል ብዛት አለው። ይህ ኦክሳይድ በመስተዋት በተሰበሰበ ብርሃን እስከ 1,500 ዲግሪና ከዚያም በላይ ሲግል፣ ቅርጹን ሳይለቅ ከኦክሲጅኑ ጥቂቱን ይተፋል። ከዚያ ሙቀቱ ዝቅ ሲደረግና እንፋሎት ሲነፋበት፣ የተፋውን ኦክሲጅን ለመተካት ከውሃው ላይ ይነጥቃል፤ የሚቀረውም ሃይድሮጂን ነው። በእንፋሎት ፈንታ ካርቦን ዳይኦክሳይድ ቢነፋበት ካርቦን ሞኖክሳይድ ይወጣል፤ ሁለቱ ጋዞች ሲቀላቀሉም ፈሳሽ ነዳጅ ሊሠራባቸው ይቻላል። መሣሪያው መተንፈስ እንደሚችል ሳንባ ኦክሲጅንን እያስወጣና እያስገባ በመቶ የሚቈጠር ዙር ደጋገመ። በእውነት ለመናገር በዚያ ሙከራ ወደ ነዳጅ የተለወጠው የብርሃን ኃይል ከመቶ አንድ እጅ እንኳ አልሞላም ነበር። ሆኖም መንገዱ መኖሩ ተረጋገጠ።

ወደ አገር ቤት የተዘረጋ እጅ

በ2012 እ.ኤ.አ. ታኅሣሥ ወር ከአሜሪካና ከምሥራቅ አፍሪካ የተውጣጡ ወጣት ተመራማሪዎች በአዲስ አበባ ተሰብስበው ነበር፤ የተሰበሰቡትም ለኃይል ምንጭ ስለሚያገለግሉ ቁስ አካላት አብረው ሊማሩ ነው። ይህን የአሜሪካና የአፍሪካ የጋራ ትምህርት ቤት ካቋቋሙት ሰዎች አንዷ ፕሮፌሰር ሶስና ነበሩ። በ2016 ይኸው ትምህርት ቤት በታንዛኒያ በአሩሻ ከተማ ቀጠለ። በልጅነታቸው በመከራ የለቀቁትን ከተማ፣ ከብዙ ዓመት በኋላ ተማሪ ሰብስበው ለማስተማር መረጡት።

ለእኛ ኢትዮጵያውያን የዚህ ምርምር ጥቅም ሩቅ አይደለም። የኤሌክትሪክ ኃይላችን የሚበዛው የሚመነጨው ከውሃ ነው። በ1952 ዓ.ም. ከተመረቀው ከቆቃ ግድብ ጀምሮ፣ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. እስከ ተመረቀው እስከ ታላቁ የሕዳሴ ግድብ ድረስ ብዙ ተደክሞበታል። ነገር ግን ኤሌክትሪክ እንደ ጤፍ በጐተራ አይቀመጥም፤ በተመነጨበት ሰዓት ሥራ ላይ ካልዋለ ይባክናል። ትርፍ ኃይል በተገኘ ጊዜ ውሃን ወደ ሃይድሮጂንና ኦክሲጅን መክፈል፣ ሃይድሮጂኑን ማስቀመጥ፣ ባስፈለገ ጊዜ በነዳጅ ሴል መልሶ ኤሌክትሪክ ማድረግ ይቻላል። ከዚህም ሌላ ሃይድሮጂን የአሞኒያ እናት ናት፤ አሞኒያም ለገበሬው የሚያስፈልገው የዩሪያ ማዳበሪያ መነሻ ነው። በዚህ መልክ ሲታይ ጉዳዩ የሊቃውንት ጨዋታ ሳይሆን የመብራትና የእንጀራ ጉዳይ ነው።

ይህን ስንል ግን ነገ ጠዋት በየሱቁ በር ጸጥ ያለ ነዳጅ ሴል ይተከላል ማለታችን አይደለም። ሲዚየም በብዛት የማይገኝ ማዕድን ነው፤ ፕላቲኒየሙ ቢቀነስም ገና ጨርሶ አልቀረም፤ ሃይድሮጂን ማከማቸትና ማጓጓዝም ወጪ አለበት። ከግሮቭ ዘመን ጀምሮ ወደ ሁለት መቶ ዓመት የተጠጋ መንገድ ነውና፣ የቀረውም ትዕግሥትን ይጠይቃል።

ከፕሮፌሰር ሶስና ሕይወት ልንቀስም የሚገባን ሁለት ነገር ነው። አንደኛው፣ አንድ መንግሥት በአንድ ሌሊት አንድ መምህር ላይ ያደረሰው ጕዳት በዚያ መምህር ብቻ አለመቅረቱ ነው። አባት የአገሩን መጻሕፍት በባዕድ አገር ተቀምጦ ለመመርመር፣ ልጅ ደግሞ ጥበቧን በባዕድ ቤተ ሙከራ ውስጥ ለመግለጥ ተገደዱ። ዕውቀታቸው ለዓለም አልጠፋም፤ ነገር ግን በአዲስ አበባ በዚያው ወንበር ላይ ተቀምጠው ቢሆን ኖሮ ስንት ተማሪ ያፈሩ እንደ ነበር ማሰብ ያሳዝናል። ሁለተኛው፣ አገር ቤት ያለው ወጣት ምርምር እንዲሠራ ከተፈለገ ከቃል ምስጋና የሚበልጥ ነገር ያሻዋል። የሙከራ ዕቃ በወቅቱ እንዲገባ፣ የተበላሸው መሣሪያ እንዲጠገን፣ የግዢው ጥያቄ በጠረጴዛ ላይ ወራት እንዳይተኛ ማድረግ በየመሥሪያ ቤቱ የተቀመጥነው የእኛ ድርሻ ነው። ፋይሉ በተቸነከረ ወንበር መካከል ቆሞ ሲቀር፣ የሚቆመው ወረቀት ብቻ አይደለምና።